የኢልካ ከተሞች

ኢልካ ሾሞጊ ቡዳፔስትን አንድም ቀን አልሠራችም፤
አርባ ዓመት ለፊልም ከተማ ስትገነባ፣ የራሷን ግን አልነካችም።
የዳኑብ ዳር ያው መንገድ፣ ሰኞ ፓሪስ ይሆናል፤
ሐሙስ ጨው እንደ በረዶ ይነሰነስበትና፣ ሞስኮ ይባላል፤
በወሩ መጨረሻ ደግሞ፣ ባንዲራው ብቻ ይቀየርና
በርሊን ነው፤ ያው ድንጋይ፣ ያው መብራት፣ ያው ጎዳና።

ስትጀምር ሥራዋ ሻይ ነበር። የሚጠጣ አይደለም፤
አዲስ ወረቀት የሚነከርበት፣ የመቶ ዓመት ቀለም።
የፍቅር ደብዳቤ፣ የሞት ፍርድ፣ የባቡር ትኬት፣ የኪራይ ውል፣
በአንድ ሳፋ ተዘፍዝፎ፣ ገመድ ላይ ሲደርቅ ይውል።

ከዚያ ወደ ግድግዳ አደገች፤ እኔን ያኔ ነው የቀጠረችኝ፤
ባልዲ ተሸካሚ። የመጀመሪያ ቀን፣ ግድግዳ ፊት አቆመችኝ።
“ስንት ልጅ አደገበት?” አለች። እኔ ምን አውቃለሁ!
ትናንት የቆመ ጣውላ ነው፤ ሚስማሩን እኔው መትቻለሁ።
በርከክ ብላ፣ በጥላሸትና በቅባት፣ ከጉልበት ከፍ አድርጋ
የሦስት ልጆች እጅ አሳደፈችው፣ ጥግ ጥጉን ፈልጋ።
ካሜራው ያን ጥግ አላየም፤ እንደማያይም ታውቅ ነበር።
“ተዋናይቷ ታየዋለች” አለች፣ “ስትገባ በዚያ በር።”

ጡቡ ከስፖንጅ የቀለለ፣ በአንድ ጣት የሚነሳ፤
የቤተ መንግሥቱ እብነ በረድ፣ ዝናብ ሲነካው ማንነቱን የሚረሳ፤
ከጀርባው እንጨትና ሚስማር። ጀርባውን ማንም አይጠይቅም።
“ፊት ይዋሻል” ትል ነበር፣ “ጀርባ ግን ምንም አይደብቅም።”
ሲኒማ ቤት ስሟ ሲያልፍ፣ ሰው ኮቱን ይፈልጋል፤
ያነበበ ቢኖር፣ እኔና ወለል ጠራጊው ብቻ ይሆናል።

አንድ መኸር፣ ዮዜፍቫሮሽ ሰፈር፣ ሞስኮን በሠራንበት፣
ሰማያዊ የፖስታ ሳጥን ሰቀልን፣ የሩሲያ ፊደል ያለበት።
ቀረጻው አልቆ ስናፈርስ፣ ሳጥኑ በእጄ ላይ ድምፅ አሰማ፤
አንድ ፖስታ ወጣ፤ ቴምብር ያለው፤ የሚሄድ ወደ ሴገድ ከተማ።
“ለወይዘሮ ኤቴልካ” ይላል፣ የሚንቀጠቀጥ የሽማግሌ ጽሕፈት፤
አሥራ አንድ ቀን ተኝቷል፣ ፖስተኛ በማይከፍተው ቤት።
ሳቅን። እንዴት አንስቅም? ኢልካ ግን አልሳቀችም፤
ገልብጣ ጀርባውን አየች እንጂ፣ ደብዳቤውን አልከፈተችም።
ኮቷን ደርባ፣ እስከ ዋናው ፖስታ ቤት በእግሯ ሄደች፤
“በእኔ ጥፋት ዘገየ” የሚል ማስታወሻ አያይዛ ላከች።
ከዚያ ወዲህ በሠራቻቸው ከተሞች፣ የፖስታ ሳጥን ሁሉ አፉ ድፍን ነው፤
ስንጥቁ በጥቁር ቀለም የተሣለ፣ ከሩቅ ክፍት የሚመስለው።

አሁን ጡረታ ላይ ናት፤ አራተኛ ፎቅ፣ ሊፍቱ የማይሠራ።
እሑድ ፕሪም በከረጢት ይዤ ወጣሁ፣ ደረጃ ለደረጃ ስንጠራራ።
ሳሎኗ ግድግዳ ፊት ቆማለች፣ መነጽሯ ግንባሯ ላይ፤
ልስኑ እንደ ካርታ ተልጧል፤ ከሥሩ አረንጓዴ፣ ከሥሩ ግራጫ፣ ከሥሩ ሰማይ።
በጥፍሯ ፋቅ አድርጋ አሸተተችው፤ አንገቷን ዘንበል አደረገች፤
“ይህን ማን ሠራው? እጅ አለው” አለች።
“ዕድሜ ነው” አልኳት።
                    “ስልኩን ያዝልኝ፤ ሥራ ሲኖር እንጠራዋለን።”
ከዚያ ፕሪሙን በላን።