ቀለም ስንቆጥር

አዲስ ዓለም ሰፈር፣ ከቅዳሜ ገበያ ቁልቁል ሲወረድ፣
ወገቡ ድረስ የተቀበረ ጋን ነበረን፣ አጠገብ ከወይራው ግንድ።
ሽታው ጎረቤት ያጣላል፤
ያላወቀ ሰው ቢያልፍ፣ «ውስጡ ምን ሞተ?» ይላል።
አባቴ ኑርሁሴን አፉን በእርጥብ ጨርቅ ጠፍሮ፣
«ነፋስ አታሳዩት!» ይለናል፣ ግንባሩን ቋጥሮ።
ኒሉ ከአመድ፣ ከፉርሽካ፣ ከተምር ጋር ሲብላላ ከርሞ፣
መልኩን ይጥላል፤ ውሃው ይቀራል እንደ ታማሚ ገርጥቶ፣ ከስሞ።

አንድ ማለዳ ጨርቁን ይፈታል።
ክሩን ይነክራል። ይቆያል። ያወጣል።
ነጭ! ያው ነጭ ነው፤
ቢበዛ ቢበዛ የአብሽ ውሃ ቢነካው።

«ቁጠሩ» ይላል።
እኔና ዘህራ፣ ትንሹ ይማም፣ አጥሩ ላይ ተንጠልጥለን፣
አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት... ከገመዱ ዓይናችንን ሳንነቅል፣
ዐሥር ላይ የጎመን ቅጠል፣
ሠላሳ ላይ የርግብ አንገት፣
መቶ ሳንሞላ ጣና፣ ከጎርጎራ ሲያዩት።
ማንም አልቀባበት፣ ማንም አልጨመረበት።
«ውስጡ ነበር» ይላል አባቴ፤ «ነፋስ ነው ያወራበት።»

እሱ ፊደል አልነካም፣ ቀለም አልቆጠረም፤
ሦስት ልጅ ቀለም ሲያስቆጥር ግን አልደከመም።
መሪጌታ ጥዑም የማተብ ክር ሊወስዱ ሲመጡ፣
«ባለቤቱ ይበጥሰው እንደሁ እንጂ
የኑርሁሴን ክር አይለቅም» ይሉ ነበር፣ ደጃፉ ላይ እንደተቀመጡ።

በጥር፣ ሆስፒታል፣
ከንፈሩ ኒል ሲመስል
ያየሁት እኔ ነኝ።
ክሩ አየር ሲያገኝ ነበር፤ እሱ አየር ሲያጣ።
ሰማያዊው ከየትም አልመጣ፣ ከውስጡ ወጣ።
ሮጬ የኦክስጅን ከፈልኩ።
የደረሰኝ ማሽኑ ቀለም አያውቅም፤ ሙቀት ብቻ ነው፣
ነጩ ወረቀት ራሱ ይጠቁራል።
ይህን ሳልነግረው ቀረሁ። ይደንቀው ነበር።

ስመለስ አልጋው አጠገብ ቆሜ፣ ሳላስበው፣ ቆጠርኩ።
ስድሳ አራት ላይ ዘህራ እጄን ያዘች።

አሁን ሐምሌ ነው። ደረሰኙን ከጋቢው እጥፋት አገኘነው፤
ስሙም፣ ቀኑም፣ ብሩም ወደ ነጭ ተመልሷል።
«ይመለስ እንደሁ» ብላ ዘህራ የጋለ ማንኪያ አስጠጋችበት፤
ጠቆረ፤ ግን ሁሉም ጠቆረ፣ ከዳር እዳር፣
ስም ከባዶው ሳይለይበት።

ጋኑ እዚያው ነው፣ አፉ እንደታሰረ።
ዝናቡ በጨርቁ ላይ ሲወርድ ይሰማል፤
ከሥሩ፣ በጨለማው፣ የሱ የመጨረሻ ክር አለ።
ትናንት ልንፈታው ወጣን፣ ሦስታችን፤
ይማም፣ ዛሬ የልጅ አባት ነው፣ አጥሩን ተደግፎ፣
«ፍቱት፤ እኔ ግን አልቆጥርም» አለ።