ወደ ኋላ ተደገፊ

እሁድ ነው። ገና ሳይነጋ ከአቶቴ ተነሣን፣
ሐይቁን በቀኝ ትተን ቱላን አለፍን።
ሰባት ነን። አምስቱ የአንድ ፈረቃ ልጆች፤
ስድስተኛው የብዙነሽ ወንድም፣ ተራራው እስኪደርስ
አፉን ከፍቶ የተኛ፤
ሰባተኛዋ እኔ፣ አንገትጌ ሰፊ፣
የመስመር ዘጠኝ ሠራተኛ።

ገደሉ አፍ ላይ ሆጤሶ ቆሞ ጠበቀን፣
ሄልሜትና ቀበቶ ከጆንያ እያወጣ አስታጠቀን።
የመዳፉ ቆዳ የደረቀ ኮባ ይመስላል፤
አባቱ የቃጫ ገመድ ገማጅ ነበሩ።
«እሳቸው ላም ሲያስሩ ኖሩ፣ እኔ ሰው አስራለሁ» ይላል።

ሌሎቹ ፎቶ ሲነሡ፣ ሲሳሳቁ፣ ሲጯጯኹ፣
እኔ ቀበቶዬን ገልብጬ ስፌቱን አየሁ።
ልማዴ ነው፤ የአውቶቡስ ወንበር ይሁን የሙሽራ ቬሎ፣
ዓይኔ ክሩ ላይ ነው የሚያርፈው፣ ከሁሉ ቀድሞ፣ ቶሎ።

የመጀመሪያው ፏፏቴ የሁለት ፎቅ ያህል።
«ወደ ኋላ ተደገፊ» አለኝ፣
ጀርባዬን ለማላየው ነገር እንድሰጥ ለመነኝ።
ሰው ወደፊት ይወድቃል እንጂ
ወደ ኋላ እንዴት ይሄዳል?
እግሬ ድንጋዩን ረግጦ፣ ጉልበቴ እንደ ማሽን ፔዳል
ይርገፈገፋል።
ስድስት ዓመት ተቀምጦ የሰፋ ወገቤ
በገመድ ተንጠልጥሎ ሲቀር
ከእኔ ቀድሞ ወረደ ልቤ።

ወረድኩ። እንዴት እንደሆነ አላውቅም።
ውሃው በአንገቴ ገብቶ በእግሬ ሲወጣ
ጮኼም ድምፄን አልሰማሁም።

ሁለተኛው ላይ የብዙነሽን አንድ ጫማ ውሃ በላው፤
«ሂድ፣ ሐዋሳ ሐይቁ ዳር ጠብቀኝ!» አለችው፤
ሳቃችን ገደሉን ሞላው።
«ይህ ወንዝ ሐዋሳ አይሄድም» አለ ሆጤሶ ኮስተር ብሎ፣
«ሌላ አገር ነው የሚወርደው፣ ቆላ ቆላውን ተከትሎ።»

ሦስተኛው ግን ሌላ ነው። ጫፉ ላይ ወሬ ይቆማል።
ከሥር ጭጋግ ብቻ፤
ውሃው ሄዶ የት እንደገባ ማን ያውቃል።
ሆጤሶ ወርዶ ሊያሳየን ጎንበስ ሲል
ዓይኔ ግራ ጭኑ ላይ አረፈ።
ክሩ ተነሥቷል።
ሁለት ጣት ያህል ስፌት ተፈልቅቆ ፀጉር አውጥቷል።

ዝም ልበል? እሱ መሪ፣ እኔ ዋና የማላውቅ፤
«የፈሪ ዓይን ነው» ቢለኝስ፣ ሰው ፊት ቢስቅ?
በእኛ መስመር ግን አይተሽ ያለፍሽው ጉድለት
ያንቺ ነው፣ ከሰፋው ይልቅ።
«ቁም!» አልኩ፤
ድምፄ ውሃውን ሲበልጥ ሰማሁት፣ ለራሴ ሲደንቅ።

ቆመ። ስፌቱን በአውራ ጣቱ ዳበሰ፣
ክሩ እንደ ሣር ተከተለው።
ምንም አላለም። የከንፈሩ ቀለም ብቻ
የሆነ ቦታ ሄዶ ተመለሰ።
ከጆንያው ትርፍ ቀበቶ አወጣ፤
ያንን አሮጌውን በቢላ ለሁለት ከፈለው፣
ማንም ዳግም እንዳይለብሰው።

ከዚያ ወደ እኔ ዞረ።
«የሁሉንም እይልኝ፣» አለ፣ «አንድ በአንድ።
ከእኔ ጀምሪ።»

እርጥብ አለት ላይ ተንበርክኬ
ወገብ በወገብ፣ ጭን በጭን ዳሰስኩ፣
በደነዘዘ ጣት።
የብዙነሽ ወንድም እጁን ወደ ላይ ሰቅሎ፣
እንደሚፈተሽ ሰው፣
ትንፋሹን ዋጠ። ማንም አልሳቀም።

ተራዬ ሲደርስ
ማንም ሳይለኝ ተደገፍኩ።
ገመዱ በመዳፌ ሲያልፍ ጥለቱን አወቅሁት፤
ወደ ግራ የተገመደ፣ ጥብቅ፣ የውሃ ቅዝቃዜ ያለው።
ከላይ የሆጤሶ ፊት አነሰ፣ አነሰ፣
ጭጋጉ ዋጠው።

ሰኞ ጠዋት።
አንገትጌ ላይ አንገትጌ፣ ነጭ ላይ ነጭ።
አለቃችን ሰዓቷን ይዛ ከኋላዬ ስትመላለስ
ማን እንደሚለብሰው የማላውቀው ሸሚዝ ጫፍ ደርሼ፣
አንዴ ይበቃ ነበር፤
ሁለቴ ቋጨሁት፣ መልሼ።

ክር ልበጥስ አንገቴን ዘንበል ሳደርግ
ከግራ ጆሮዬ ለብ ያለ ውሃ ወጣ፤
ያ «ሐዋሳ አይሄድም» የተባለው ወንዝ
በአንገቴ ቁልቁል
ጠብ፣ ጠብ እያለ መጣ።