ሦስት ቅጂ

ዝናብ ነው ኦታፓላም። ፋይሌን በፌስታል ጠቅልዬ፣
መስኮት አራት ቆሜያለሁ፣ የደመወዝ ማሻሻያ ብዬ።
«የሚጀምርበትን ቀን ይምረጡ» ይላል ቅጹ፣ «አንዴ ከመረጡ አይመለስም»፤
መረጥኩ። ጸሐፊው ገለጠ፤ ቀና ሳይል፣ «ይሄ አይሆንም።
የሰማንያ ዘጠኙን አገልግሎት የዚያን ጊዜው ርዕሰ መምህር ይፈርም፣
በሦስት ቅጂ፣ በሰማያዊ ቀለም።»
«ኩንጂራማን?» አልኩት፣ «ካቃጠልነው እኮ አራት ዓመቱ!»
«እንግዲያው ማስረጃ ያምጡ፤ ሦስት ቅጂ፣ የመሞቱ።»

ሄድኩ ከሚስቱ ዘንድ፣ ጭቃውን እያቦካሁ።
ማዳቪ መሳቢያ ስትስብ፣ ሌላ ፋይል አየሁ፤
የሱም ጡረታ ተመልሷል፣ «ባልደረባ ይመስክር» ተብሎ፣
ከርሟል እዚያው፣ ለምስጥ ራት ተደላድሎ።

እሷ ማስረጃውን ሰጠች፣ እኔ ምስክርነቴን ጻፍኩ።
ብዕሩ አንድ ነው፣ ሰማያዊ፤
ሦስተኛው ቅጂ ላይ ነጠፈ።