ኮክ

«ኮክ ፋብሪካ ገባሁ» ብዬ ብነግራት፣
እናቴ ዛፉ ታይቷት አፏን ውሃ ሞላት።
«ከበሰለው መርጠሽ ላኪልኝ» አለችኝ፤
ሳልመልስላት ካርዱ አለቀብኝ።

ዛሬ ሲትራ ድግስ ነው፤ አርባ ዓመት ሞልቶታል፤
የድርጅቱ ታሪክ ግድግዳው ላይ ወጥቷል።
አቧራው የኔ ነው፣ ታሪኩ የነሱ፤
በጨርቅ ስነካቸው እንደ ሰው ተነሡ።

አንደኛው ፎቶ ላይ ባሕርና ጀልባ፣
አንድ ባለ ሽርጥ፣ እስከ ጉልበት የገባ፤
ሐጂ መርዙቅ ናቸው፣ ያኔ ዓሣ አጥማጅ፣
ዛሬ የበር ዘብ፣ የቁልፍ ወዳጅ።

ሁለተኛው እቶን፣ ገና ሆዱ ሲሞላ፤
ጉርሻው ከነዳጅ የቀረው አተላ።
ማዶ አሉሚኒየም የሚያቀልጡት ሰዎች
ያለ እሱ ቀዝቃዛ ናቸው፣ እንደ ድሃ ምድጃዎች።

ሦስተኛው ላይ ድርጅቱ ስሙን ለወጠ፤
አራተኛው ላይ ደግሞ ለሌላ ተሸጠ።
እቶኑ አላወቀም፤ እንደነበር ጋመ፤
ኢንጂነር ኩርያን ብቻ ሦስት ቀን ታመመ።

ከአምስተኛው ወዲያ ሚስማር ብቻ ቀርቷል፤
የፍሬሙ ቅርጽ ግድግዳው ላይ ነጥቷል።
ሐጂን ጠየቅኳቸው። ቁልፋቸውን ቆጠሩ።
«እቶኑ የፈነዳ ዕለት» አሉ፤ «አምስት ነበሩ።»

ከሌላው አስበልጬ ባዶውን ወለወልኩ፤
ሚስማሩን በጨርቄ እንደ ጣት ጨበጥኩ።

ድግሱ ሲጀመር እናቴ ደወለች፤
«ኮኩስ በሰለ ወይ?» ብላ ጠየቀች።
«በስሏል» አልኩ፣ ከጥፍሬ ጥላሸት ሳወጣ፤
«ግን ፍሬው ትልቅ ነው፤ ለሚውጠው ጣጣ።»