ከሐዲዱ ትይዩ

አቡ ሃይል ጣቢያ በምሰሶ ቆሞ፣
ከሱቁ ከፍ ብሎ፣ ከዘንባባው ቀድሞ፣
ሐዲዱ ሲታጠፍ፣ ከዚያው አለፍ ብሎ
ባለ አራት ፎቅ አለ፣ በአቧራ ተኩሎ።
ሦስተኛው ላይ ነበር ልብስ የምተኩስበት፣
ትከሻ ለትከሻ ከባቡር ጋራ የምገጥምበት።

በሩ ቁልፍ ነበረው፤ ቁልፉ ባለቤት ነበረው።
መስኮቱን ግን ማንም፣ መስኮት ነው ብሎ አልጠረጠረው።

ሰፈሩን ከላይ ወደ ታች አነበብኩት፣
ሳልረግጠው፣ ጠረኑን ሳላውቀው።
ማላባሩ ሻይ ቀጂ ከጆግ ወደ ጆግ
ሻዩን እንደ ገመድ ሲስበው፣
ፔሻዋሬው ፀጉር ቆራጭ ጥላ እያሳደደ
ወንበሩን ሲያዞረው፣
የኤሲው ጠብታ አስፋልት ላይ ተጠራቅሞ
አንዲት ጆሮ ቆራጣ ድመት ሲያጠጣ፣
ጣቢያው ደግሞ እንደ ቀንድ አውጣ፣
ቅርፊቱ ወርቅ የተቀባ፣
ሰው ሲወጣ ሰው ሲገባ፣ ሰው ሲወጣ ሰው ሲገባ።

ጠዋት አሥራ ሁለት ከሩብ፣ የሴቶቹ ፉርጎ ሲመጣ፣
ከበሩ አጠገብ አንዲት ሴት፣
አረንጓዴ ሻርፕ፣ ሌሊቱን የሠራ ፊት፣
እጇን ከፍ አድርጋ ታልፋለች።
እኔም ከፍ አደርጋለሁ፤
አንድ ቀን የማዳም ሸሚዝ፣ አንድ ቀን የሕፃን ካልሲ እንደያዝኩ።
አንዴ የትራስ ልብስ አቃጥያለሁ።
ከደሞዜ ተቆረጠ። አልቆጨኝም።

ለእናቴ በስልክ ነገርኳት፦ «እማ፣ ባቡሩ ሹፌር የለውም።»
ዝም አለች። መስመሩ የተቋረጠ መሰለኝ።
«ሲዘገይስ ማን ይሰደባል?»
«አይዘገይም።»
«ካልዘገየ» አለችኝ፣ «ሰው ሮጦ ሲመጣ አይቶ ማን ይጠብቀዋል?»
መልስ አልነበረኝም። ካውያው ይንተከተካል።

ሁለት ዓመት ከአራት ወር። ውሉ አለቀ።
ርቂያ፣ የደጋኗ፣ ከጣቢያው ደረጃ ሥር
ልብስ ጥገና ቤት አስገባችኝ፤
ዚፕ ስቀይር፣ ጠርዝ ስቋጥር፣
የማላባሩን ሻይ ቀመስኩት፤ ስኳሩ በዝቷል።
ድመቷን ከቅርብ ሳያት ሁለቱም ጆሮዋ ደህና ነው፤
ሌላ ድመት ትሆን?

የመጀመሪያው ዓርብ ካርዱን አስነካሁት፤ ጢጥ።
በሩ ሁለቱን ክንፎቹን ሰበሰበ።
ወዴት ነሽ ያለኝ የለም።
ከማን ጋር ነሽ ያለኝ የለም።
እግሬ ራሱ ደነገጠ፣ ባዶ መንገድ ሲያገኝ።

ባቡሩ ነቀል አለና መታጠፊያው ላይ አዘነበለ፤
ልወድቅ ስል እጄ ወደ ላይ በረረ፣
ማንጠልጠያውን ያዘ።
የሁሉም እጅ ወደ ላይ ነው።
ያን ጊዜ ያ ፎቅ፣ ያ መስኮት አለፈ።

መስታወቱ ከውጭ መስታየት ነው ለካ፤
ሰው አያሳይም፣ ባቡሩን ለባቡሩ ያሳያል፤
የተሰቀለ የእጅ መዓት፣
ከመሐሉ አንዱ የኔ።

ሁለት ዓመት ከአራት ወር
ለላስቲክ ቀለበት እጅ ስነሣ ኖሬ!
ሳቅሁ። አጠገቤ የቆመች ፊሊፒናዊት
ለምን እንደሆነ ሳታውቅ አብራኝ ሳቀች።
ቤት ስደርስ ግን፣ ስድስት ሴት በምናድርባት ክፍል፣
ከታችኛው አልጋ ላይ ሆኜ
ያቺን ባለ አረንጓዴ ሻርፕ ናፈቅኋት፤
አይታኝ የማታውቀዋን።

አሁን ማን እንደሚተኩስ እዚያ አላውቅም።
ካውያ ግን ያለ እጅ አይሞቅም።

ስለዚህ ማታ ማታ፣ ወንበር አግኝቼም ቢሆን፣
መታጠፊያው ሲቃረብ እነሣለሁ።
እጄን ከፍ አደርጋለሁ፤
ማንጠልጠያውን ሳልነካ፣ ጣቶቼን ዘርግቼ፣
ሚዛኔን በጉልበቴ ብቻ ይዤ።

«መውረጃሽ ነው?» ትለኛለች ወንበሬን ያየች ሴት፣
ዘንቢሏ የከበዳት።
«አይደለም» እላታለሁ፤ «ግን ተቀመጪበት።»