ፍተሻ

ሳትበላ መጣች፣ ከሌሊት ጀምራ ጦማ አድራ፣
በባጃጅ ተጭና ከደቻቱ ማዶ፣ ከልጅ ልጇ ጋራ።
ዓይኗ ቢጫ ሆኗል፣ የበሰለ ዘይቱን፤
ክንዷን እያከከች ሰጠችኝ ወረቀቱን።
«ጉበት፣ የሐሞት ከረጢት፣ የሐሞት ቱቦ ይታይ» ይላል፤
የሐኪም እጅ ጽሑፍ፣ ጉንዳን የሮጠበት አሸዋ ይመስላል።

ስሟን ሳነበው ግን፣ እጄ ቀጥ አለ።
ሸምሲያ አብዶሽ።
ይህ ስም እኛ ቤት፣ ከራታችን ጋር፣ ስንት ዓመት ዋለ!

አባቴ ፊናንስ ነበር፤ ሃምሳ አለቃ ደምረው፤
የሌሊቱ ባቡር ነው፣ ዕድሜውን ያሳጠረው።
«ሸምሲያ ሽቶ አሳለፈች» ይላል፣ የጫማውን ክር እየፈታ፤
«ሸምሲያ ሰዓት አሳለፈች፣ ወገቧን በሻሽ ጠፍራ፣ ሆዷን በጨርቅ ሞልታ!
ነፍሰ ጡር ነኝ አለችኝ! አምናም ነበረች!
ያ ልጅ መቼ ነው የሚወለደው?»
እናቴ ትስቃለች።
እሱ ግን ያን ሳቅ አይወደው።
ብቻ ንዴቱ ሲበርድ፣ አንድ ጣሳ ውሃ ጠጥቶ፣
«ሐሞት አላት» ይላል፤
ከዚያ ይተኛል፣ ጀርባውን ለመብራቱ ሰጥቶ።

ዛሬ እዚህ ነች፤ አልጋዬ ላይ፣ ቀሚሷን ከሆዷ ገልባ፤
ጄሉን ስቀባት «አቦ!» አለች፣ «ድሬ ውስጥ በረዶ ከየት ገባ?»

«ትንፋሽ ይሳቡ። ይያዙት። አሁን ይልቀቁ።»

ጉበቷ ብቅ አለ፣ ግራጫ፣ እንደ መሸበት ሜዳ፤
ክር ማከል የሚገባው ቱቦ ጣት አክሏል፣
ሞልቶ ቆሟል፣ መውጫው እንደጠፋው እንግዳ።
ደቻቱን የሚያውቅ ያውቃል፤ ዓመቱን አሸዋ ነው፣ ግመል ይተኛበታል፣
ላይ ተራራው ላይ ሲዘንብ ግን፣
እዚህ አንዲት ጠብታ ሳትወርድ፣ በሌሊት ይመጣል።

«ወደ ግራ ይዙሩልኝ።» ዞረች። ጠጠሮቹ ተንከባለሉ፤
አንድ፣ ሁለት፣ አራት፣ ስድስት፤
ጥቁር ጥላቸውን ከኋላ እየጎተቱ፣ ከረጢቱ ውስጥ ተሸሽገው አሉ።
አንዷ ግን ከቤቷ ወጥታለች፤ ጠባቡ በር ላይ ተቀርቅራ
ኬላ ሆናለች፣ ምንም አላሳልፍም ብላ፣ መንገዱን አጥራ።

መብራት ጠፋ።
ማራገቢያው እየተጎተተ ቆመ።
በጨለማው ውስጥ ሙቀቱ ብቻ ቀረ፣ ሙቀቱና የሁለታችን ትንፋሽ።

«የደምረው ልጅ ነህ» አለችኝ።

«በምን አወቁኝ?»

«በእጅህ።
እሱም እንዲህ ነበር የሚፈትሸኝ፤ እያፈረ፣ በአይበሉባው፣
ዓይኑን መስኮቱ ላይ ሰክቶ።
አንድ ሌሊት፣ እዚህ ጎኔ ላይ፣ አሁን አንተ የያዝክበት፣
ስምንት ሰዓት አስሬ ነበር።
ጣቱ ነካቸው። ሲመቱ ሰማ።
እኔም ልቤ ሲመታ ሰማሁ።
ብዙ ቆየ። ብዙ።
ከዚያ ‹እለፊ› አለኝ።»

አባቴ ይህን አልነገረንም።
እናቴ ሳትሰማው ሞተች፤
እሱም ሳይናገረው።

መብራቱ መጣ። ማሽኑ አጉረመረመ።
«አንተስ?» አለችኝ፤ «ምን አገኘህብኝ?»
ደንቡ «ለሐኪሙ ጻፍ፣ ለታማሚ አትንገር» ነው የሚለኝ።
«ሰባት ጠጠር፣ አዴ ሸምሲ» አልኳት። «ስድስቱ ጓዳ ናቸው፣ ዝም ብለዋል፤
አንዷ በር ላይ ተይዛለች፤
ሐረር ይልኩዎታል፣ እዚያ በአፍዎ በኩል በቀጭን ገመድ ገብተው ያወጧታል።»

«አታሳልፈኝም ማለት ነው?»

«እኔ አባቴን አይደለሁም።»

ሳቀች። ሆዷ ከእጄ ሥር ተንቀጠቀጠ፤
ስክሪኑ ላይ ስድስቱ ዘለሉ።
ሰባተኛዋ ንቅንቅ አላለችም።

ወረቀቱ ላይ፣ ጠጠሯ ዘጠኝ ሚሊሜትር፣ ቱቦው ዐሥራ አራት ብዬ ጻፍኩ።
ያልጻፍኩት ይህን ነው፦
አባቴ ልክ ነበር።
ሐሞት አላት።
መውጫ ነው ያጣው።