ማዞሪያው በእጄ ሳለ

ደሴ፣ ከፒያሳ ዝቅ፣ በቆርቆሮው አዳራሽ፣
ክረምቱ ጣራውን ሲደበድብ እስኪመሽ፣
አንሶላ ሰቅለን በሚስማር፣ የሐዋ ይመርን አንሶላ፣
መሃሉ ላይ የተጣፈ፣ ጠርዙ የተበላ፣
የዴንማርክ ፊልም አሳየን፤ ሰዉ አፉን የሚከፍት፣
ግን ቃል የማይወጣው፣ እንደ ሐይቅ ዓሣ ዓይነት።

አንድ ወፍራም ፖሊስ አለ፣ ጢሙ እንደ መጥረጊያ፣
ብስክሌት ይዞ የሸሸን ሲያባርር በገበያ፣
ዱቄት ቤት ገብቶ፣ ነጭ ሆኖ ብቅ ሲል ወዲያ።
እንድሪስ ሙሄ ቆሞ፣ ዱላውን ተደግፎ፣
ለዝምተኞቹ ቃል ሰጣቸው፣ ከኛው ሰፈር ቀጥፎ፦
«ቁም አንተ የሰኞ ገበያ ሌባ! ግብር ሳትከፍል ወዴት?»
ግብር ሰብሳቢው ሳቁ፣ በሳቸው መሆኑ ሳይገባቸው፣ ከልባቸው በውነት።
ኮፐንሃገን የት እንደሆነች ያወቀ አልነበረም፤
ከኮምቦልቻ ማዶ ነው ተባለ፤ ማንም አልተከራከረም።

ከዚያ የሸክላ ጋሪ ተገለበጠ። እንስራው ሁሉ ደቀቀ።
አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ፤ ሽማግሌው ሳይቀር ሳቀ።
ዘምዘም ብቻ፣ ሸክላ ሠሪዋ፣ እጇን አፏ ላይ አደረገች፤
«የስንት ቀን ልፋት እኮ ነው» አለች።

ፊልሙ ሲያልቅ፣ ለመጠቅለል፣ ወደ ኋላ አዞርኩት፤
መብራቱን ረስቼ፣ እንደበራ ተውኩት።
ስባሪው ከመሬት ተነሣ፣ ተለቃቅሞ ገጠመ፤
እንስራ በእንስራ ላይ፣ ጋሪው ላይ ቆመ፤
ፖሊሱም ዱቄቱን ለዱቄት ቤት መልሶ
የኋሊት ሄደ እየተገረመ።

የሳቀ የለም። ዝናቡም ያባራ መሰለኝ።
እንድሪስ ቃል አጣ፤ የኔም ክንድ ዛለብኝ።

ዘምዘም መጣች በጨለማው፤ ሳንቲም በመዳፌ ላይ፦
«እስቲ ድገመው፤ የመጨረሻዋን እንስራ ልይ።
ሳትወድቅም አንገቷ ተሰንጥቋል፤ አላየህም?» አለችኝ።
ስድስቴ አዞርኩላት። ስድስቴም አሳየችኝ።

እኔ ግን እስካሁንም አላየሁትም።